ታዘበው ስንት ቃል ያውቅ ነበር?

አያቴ ከመሐል ሜዳ ወጣ ብላ በምትገኝ የመንዝ መንደር ይኖሩ በነበረበት ዘመን ከጎረቤታቸው ጋር በድንበር ተጣሉ። የተጣሉበት መሬት ሁለት ሰው ጎን ለጎን የማያስተኛ ቁራጭ ቢሆንም ነገሩ ሽማግሌ ፊት ቀረበ፤ ሽማግሌዎቹም ለጎረቤታችን ፈረዱ። አያቴ "ይሁን" ብለው ተቀበሉ፣ ቂም መያዛቸውንም በአፋቸው አልተናገሩም። ብቻ በዚያው ሰሞን ከዘመድ ቤት ያመጡትን ቡችላ "ታዘበው" ብለው ሰየሙት።

ከዚያ ወዲያ ማታ ማታ፣ በጎቹ ገብተው በረቱ ከተዘጋ በኋላ፣ አያቴ በርኖሳቸውን ደርበው ደጃፍ ላይ ይቆሙና ፊታቸውን ወደ ጎረቤታችን ግቢ አዙረው "ታዘበው! ኧረ ታዘበው!" እያሉ ይጣራሉ። ጎረቤታችን የሚሰሙት ክስ ነበር፤ ውሻው የሚሰማው እራት ነበር፤ እኛ ልጆቹ ደግሞ ሳቃችንን በጋቢ እናፍን ነበር። ሳይውል ሳያድር ጎረቤታችንም በተራቸው ቡችላ አመጡና "ምን ቸገረኝ" አሉት። ሁለቱ ሽማግሎች ለዓመታት በዚህ መንገድ ሲነጋገሩ ኖሩ፤ ሁለቱ ውሾች ግን ከአንድ ጉድፍ እየለቀሙ፣ ጅብ ሲመጣ አብረው እየጮኹ፣ ጸብ የሚባል ነገር ሳያውቁ አረጁ።

በእኛ አገር የውሻ ስም የውሻው ብቻ አይደለም። ፊት ለፊት ቢነገር ደም የሚያፋስስ ነገር በውሻ ስም በኩል ሲተላለፍ ማንም ተናጋሪውን ሊከስ አይችልም፤ "ውሻዬን ጠራሁ" ካለ አለቀ። ይህንን ባህል እንደ ቀልድ ስናወራው ኖረን፣ ከብዙ ዓመታት በኋላ ውሾች የሰውን ቃል እስከ ምን ድረስ ሊማሩ እንደሚችሉ ዕድሜያቸውን ስለሰጡ ሰዎች ማንበብ ስጀምር፣ ያ የልጅነት ሳቅ ወደ ጥያቄ ተለወጠብኝ። ታዘበው "ታዘበው" ስሙ መሆኑን ያውቅ ነበር? ወይስ የሚያውቀው ሰዓቱን፣ የአያቴን ድምፅና የጨበጡትን ቂጣ ነበር? እኔ ደብረ ብርሃን የምኖር የአማርኛ መምህር ነኝና ጥያቄው ከውሻው አልፎ ወደ ሙያዬ መጣ፤ አንድ ፍጡር "ቃል ያውቃል" ለማለት ምን ሲያደርግ ማየት አለብን?

ጥያቄውን በአግባቡ ካነሡት ውስጥ የሚታወሱት በጀርመን ላይፕዚግ በሚገኘው የማክስ ፕላንክ የአዝጋሚ ለውጥ አንትሮፖሎጂ ተቋም የነበሩት ዩሊያነ ካሚንስኪ፣ ዮሴፕ ካልና ዩሊያ ፊሸር ናቸው። ሪኮ የተባለ የቦርደር ኮሊ ዝርያ ውሻ ከ200 በላይ የመጫወቻ ስሞችን ያውቃል ተብሎ ዝናው ወጥቶ ነበር። ተመራማሪዎቹ መጫወቻዎቹን በሌላ ክፍል ደርድረው፣ ባለቤቷም ሆነች ተመራማሪው ለውሻው በማይታዩበት ሁኔታ፣ ስም እየተጠራ እንዲያመጣ አደረጉት፤ ከ40 ጥሪ 37ቱን በትክክል አመጣ። ከዚያ ደግሞ በሚያውቃቸው መጫወቻዎች መካከል ፈጽሞ ያላየውን አንድ አዲስ ዕቃ አስቀምጠው፣ ሰምቶት በማያውቀው ስም እንዲያመጣ ጠየቁት። ሪኮ ከአሥሩ ሰባቱን ጊዜ አዲሱን ዕቃ ይዞ መጣ። የሌሎቹን ሁሉ ስም ስለሚያውቅ፣ ያልሰማው ስም ላላየው ዕቃ መሆን አለበት ብሎ እንደገመተ ይመስላል። ሕፃናትም ቃል ከሚማሩባቸው መንገዶች አንዱ ይህ ነው። ጥናቱ እ.ኤ.አ. በ2004 "ሳይንስ" በተባለው መጽሔት ታተመ።

እኔን የያዘኝ ግን በዚያው መጽሔት ላይ የሥነ ልቦና ሊቁ ፖል ብሉም ያነሡት ጥርጣሬ ነው። አንድ ሕፃን "ካልሲ" የሚለውን ቃል ሲያውቅ፣ ቃሉ ካልሲ ለማምጣት ብቻ የሚያገለግል ትእዛዝ አይሆንበትም፤ ካልሲው የት እንዳለ ሊጠይቅበት፣ የማን እንደሆነ ሊናገርበት፣ ካልሲ ሲያይ ሊጠቁምበት ይችላል። ለሪኮ ግን "ካልሲ" ማለት "ሂድና ካልሲውን አምጣ" ማለት ብቻ ቢሆንስ? እንዲያ ከሆነ ውሻው ያለው ስም አይደለም፤ ከአንድ ድርጊት ጋር የተጣበቀ ድምፅ ነው። ይህንን ሳነብ ታዘበው ትዝ አለኝ። ለእሱ "ታዘበው" ማለት "ና፣ ብላ" ማለት ብቻ ከነበረ፣ ስሙን አያውቅም ነበር ማለት ነው፤ ልክ እኛ ልጆቹ የቤተ ክርስቲያን ደወል ሲደወል ተነሥተን እንደምንሄደው፣ ደወሉ ግን የማናችንም ስም እንዳልሆነው።

ለዚህ ጥርጣሬ መልስ ለመስጠት የደከሙት ሰው ጆን ፒሊ ይባላሉ። በአሜሪካ ደቡብ ካሮላይና፣ ስፓርታንበርግ ከተማ ባለው ዎፎርድ ኮሌጅ ሥነ ልቦና ሲያስተምሩ ኖረው ጡረታ የወጡ አዛውንት ነበሩ። ቀደም ሲል ያሳደጓቸውን ውሾች የዕቃ ስም ለማስተማር ሞክረው አልሆነላቸውም፤ ስለዚህም ውሻ ስም አያውቅም ወደሚል ድምዳሜ ደርሰው ነበር። ይህንን ሐሳባቸውን ለበግ አርቢዎች ሲያጫውቱ ግን አርቢዎቹ አልተቀበሏቸውም፤ የእኛ ውሾች ስም ለይተው ያውቃሉ ብለው ተከራከሯቸው። ምሁሩ አርቢዎቹን ንቀው አላለፉም፤ የተሳሳትኩት እኔ ብሆንስ ብለው ተመለሱ። አንድ ፕሮፌሰር ከእረኛ ተምሮ ሐሳቡን ሲለውጥ ማየት በየትም አገር ብርቅ ነው፤ መንዝ ላይ በግ ጠብቄ ያደግሁ ሰው በመሆኔ ይህ የታሪኩ ክፍል ሳይደላኝ አልቀረም።

እ.ኤ.አ. በ2004 ቼሰር የተባለች የቦርደር ኮሊ ቡችላ ፒሊ ቤት ገባች። እሳቸውም በቀን አራትና አምስት ሰዓት፣ ለሦስት ዓመት፣ ስም አስተማሯት። አሠራራቸው ቀላልና አድካሚ ነበር፤ አንድ ዕቃ ያሳዩዋታል፣ ስሙን ደጋግመው ይጠሩላታል፣ ይደብቁታል፣ ፈልጊው ይሏታል፣ ስታገኘው አብረዋት ይጫወታሉ። ስሞቹ ለራሳቸውም ስለሚጠፏቸው በየዕቃው ላይ በማይለቅ ቀለም ይጽፉ ነበር። በመጨረሻ የቼሰር ዕቃዎች 1,022 ደረሱ፤ አብዛኞቹ የጨርቅ አሻንጉሊቶች ሲሆኑ፣ የቀሩት ኳሶችና ተወርዋሪ ሳህኖችን የመሰሉ ነበሩ። ሲፈትኗት ሃያ ሃያ ዕቃ እየደረደሩ፣ ራሳቸው ከዓይኗ ተሰውረው ይጠሩላት ነበር፤ ከሃያው ከአሥራ ስምንት በታች ያመጣችበት ጊዜ የለም። ከባልደረባቸው አሊስተን ሪድ ጋር የጻፉት ጥናት እ.ኤ.አ. በ2011 ታተመ።

ቁጥሩ ዓለምን አስደነቀ፤ ነገር ግን ለእኔ ከሺሁ ስም ይልቅ ሦስቱ ግሦች ይበልጣሉ። ፒሊ የብሉምን ጥርጣሬ ለመፍታት ቼሰርን "ያዢ"፣ "በእጅሽ ንኪ" እና "በአፍንጫሽ ንኪ" የሚሉ ሦስት ትእዛዛት አስተማሯትና፣ ግሡንና ስሙን እያቀያየሩ፣ አጣምራ በማታውቃቸው ጥምረቶች ጠየቋት። እሷም ስሙን ከድርጊቱ ለይታ ተገኘች። አንዱን ዕቃ ያዝ ሲባል መያዝ፣ ንካ ሲባል መንካት ከቻለች፣ ስሙ የድርጊቱ ጥገኛ አይደለም ማለት ነው። ከዚህ በላይ ደግሞ "ኳስ" የሚለው ቃል የአንድ ዕቃ ስም ሳይሆን የ116 የተለያዩ ኳሶች የወል መጠሪያ መሆኑን፣ እያንዳንዱ ኳስም በተጨማሪ የራሱ የተጸውዖ ስም እንዳለው ተረድታለች። የወል ስምንና የተጸውዖ ስምን ልዩነት ለዘጠነኛ ክፍል ተማሪዎች ሳስረዳ የሚፈጅብኝን ጊዜ የማውቀው እኔ ነኝ።

ይህን ሁሉ አንብቤ እጄን አጣጥፌ መቀመጥ አልቻልኩም። ግቢያችን ውስጥ ዳማ የምትባል ውሻ አለች፤ ስሟ እንደሚያመለክተው ቀይ ዳማ ናት፣ ዝርያዋን የሚያውቅ የለም፣ አንድ የክረምት ሌሊት በዝናብ ተደብድባ ከበራችን ሥር የተገኘች ናት። ሦስት ዕቃ መረጥኩ፤ የልጄን ኳስ፣ አንድ እግሩ የጠፋ ነጠላ ጫማና የቋጠርኩት የገመድ ቁራጭ። ሁለት ወር ሙሉ፣ ከሥራ ስመለስ፣ የደብረ ብርሃን ብርድ ጣት በሚያደነዝዝበት ሰዓት፣ በረንዳው ላይ ቁጭ ብዬ "ኳስ"፣ "ጫማ"፣ "ገመድ" ስል አመሸሁ። ሽልማቷ ድፎ ዳቦ ነበር። ባለቤቴ መጀመሪያ ሳቀች፣ ቀጥላ ተቆጣች፣ በመጨረሻ ዳቦውን ደብቃ ማስቀመጥ ጀመረች።

በሁለተኛው ወር መጨረሻ ሃያ ጊዜ ጠርቼ አሥራ አራቱን አመጣችልኝ። ያን ዕለት የተሰማኝን ደስታ አልሸሽግም፤ ለሥራ ባልደረቦቼ ልነግር ንግግሬን ሳዘጋጅ አደርኩ። በነጋታው ፈተናውን ስደግመው የአሥራ አንድ ዓመት ልጄ ከበሩ ተደግፋ ስታየን ቆየችና "አባዬ፣ አንተ እኮ እያየኸው ነው" አለችኝ።

"ምኑን?"

"የምትጠራውን። ጫማ ስትል ጫማውን ታያለህ። እግርህም ይዞራል።"

ቁልቁል ሳይ የቀኝ እግሬ ጣቶች ወደ ነጠላ ጫማው ዞረው አገኘኋቸው። ዳማ ሁለት ወር ሙሉ ስታጠና የነበረው አማርኛ ሳይሆን እኔን ነበር። በማግስቱ የሳሎኑን መጋረጃ በረንዳው በር ላይ ሰቅዬ፣ ከኋላው ተቀምጬ፣ ልጄ ውጤቱን በደብተር እየያዘች ሃያ ጊዜ ጠራሁ። ሰባት ሆነ። ሦስት ዕቃ ካለ በዕድል ብቻ እንኳ ከሃያው ስድስት ሰባት ይገኛልና፣ ውሻዬ ከነበራት ሦስት ቃል አንዱም አልቀረላትም።

የእኔ መጋረጃ ከመቶ ዓመት በፊት በርሊን ላይ የተሰቀለ መጋረጃ ነው። ቪልሄልም ፎን ኦስተን የተባሉ ጡረተኛ መምህር ሃንስ የሚባል ፈረሳቸው ሒሳብ ይሠራል ብለው ያምኑ ነበር፤ ፈረሱም ሲጠየቅ መልሱን በኮቴው እየመታ ይቆጥር ነበር። እ.ኤ.አ. በ1907 ኦስካር ፕፉንግስት የተባለ ተመራማሪ ባወጣው ጥናት፣ ፈረሱ የሚመልሰው ጠያቂው መልሱን ሲያውቅና ለፈረሱ ሲታይ ብቻ መሆኑን አሳየ። የኮቴው ምት ወደ ትክክለኛው ቁጥር ሲደርስ ጠያቂው ሳያውቀው አንገቱን ጥቂት ቀና ያደርጋል፤ ፈረሱ ያንን አይቶ ያቆማል። ፎን ኦስተን አታላይ አልነበሩም፤ ራሳቸው የመጀመሪያው ተታላይ ነበሩ። እኔም መጋረጃውን ባልሰቅል ኖሮ እስከ ዛሬ ድረስ ዳማ ሦስት ቃል ታውቃለች እያልኩ እምል ነበር። ሪኮም ሆነ ቼሰር ከዓይን ርቀው የተፈተኑበት ምክንያት ይኸው ነው፤ ስለ እንስሳ ብልሃት ሰው ሲነግረኝ አሁን መጀመሪያ የምጠይቀው "ስትጠራው ያይህ ነበር?" ብዬ ነው።

ውድቀቴ ብርቅ እንዳልሆነ ያወቅሁት ቡዳፔስት ላይ በኤትቬሽ ሎራንድ ዩኒቨርሲቲ እነ ክላውዲያ ፉጋዛና አዳም ሚክሎሺ የሠሩትን ሳነብ ነው። እ.ኤ.አ. በ2021 ባወጡት ጥናት ተራ የቤት ውሾችን ለሦስት ወር የሁለት መጫወቻ ስም ብቻ እንዲማሩ አሠልጥነዋቸው፣ አብዛኞቹ፣ ከእነዚያም ውስጥ ቦርደር ኮሊዎች እያሉ፣ ሁለቱን እንኳ መለየት አቅቷቸዋል። በሌላ በኩል ተሰጥኦ ያላቸው ስድስት ቦርደር ኮሊዎች በአንድ ሳምንት ውስጥ አሥራ አንድ አሥራ ሁለት አዳዲስ ስሞችን ሲማሩ ታይተዋል፤ ከሁለት ወር በኋላም ብዙዎቹን አልረሱም። ስለዚህ ስም የመማር ችሎታ በውሾች መካከል እንደ ሰው ቁመት ቀስ በቀስ የሚጨምር ነገር አይመስልም፤ ጥቂቶች አላቸው፣ አብዛኞቹ የላቸውም። ለምን እንደዚህ እንደሆነ የሚነገረው ብዙ ነው። ቦርደር ኮሊ በእንግሊዝና በስኮትላንድ ድንበር አካባቢ ለዘመናት የእረኛን ፉጨትና ቃል ከሩቅ ሰምቶ በጎችን እንዲነዳ ተመርጦ የተራባ ዝርያ ነው፤ ሰው ሲናገር ጆሮውን የሚሰጥ ውሻ ተመርጦ ተዳቅሏል። የመንዝ ውሻን ግን በጆሮው የመረጠው ሰው የለም። በጎቹን የሚነዳው ልጅ ነው፤ ውሻው የሚጠበቅበት ሌሊት ጅብን፣ ቀን ቀበሮን ማባረር ነው። ጅብ ሲመጣ ደግሞ የማንንም ትእዛዝ ሳይጠብቅ መጮኽ እንጂ ስም መለየት አይጠቅመውም። ለዚህ ነው "ውሻ በበላበት ይጮኻል" የምንለው፤ ውሻ በተጠራበት ይመጣል የሚል ተረት ሰምቼ አላውቅም።

ሆኖም እኔን እንደ ቋንቋ መምህር ከሁሉም በላይ ያስጨነቀኝ ሌላ ነገር ነው። እስካሁን ከጠቀስኳቸው ጥናቶች ውስጥ አማርኛ የሰማ ውሻ የለም። ሪኮ ጀርመንኛ፣ ቼሰር እንግሊዝኛ፣ ቡዳፔስት ላይ ካሉት ብዙዎቹ ሀንጋርኛ ነው የሰሙት። ዳማን "አምጪ" እላታለሁ። ልጄ እንደ ወንድ ቆጥራት "አምጣ" ትላታለች። እናቴ ከመንዝ ስትመጣ "አምጪው እስቲ" ትላታለች፤ እሷማ ወንዱን ውሻም ሲያሳዝናት "ነይ እናቴ" ስትለው ነው የኖረችው። ባለቤቴ ሲመራት "ኧረ አምጪልኝ ወዲያ!" ትላለች። ለእኛ ይህ ሁሉ አንድ ግሥ ነው፤ ከሥሩ ጋር አብረን ስለምንሰማው። ለውሻዋ ግን አራት ድምፅ ነው። የዕቃው ስምም ብቻውን አይመጣም፤ "ኳሱን"፣ "ኳሷን"፣ "ኳስሽን" ይሆናል። እ.ኤ.አ. በ2022 የታተመ አንድ ጥናት ባለቤቶች ሲጠየቁ ውሾቻቸው በአማካይ 89 ቃላት እንደሚያውቁ መናገራቸውን ይገልጻል፤ ብዙዎቹ ትእዛዛት ናቸው። እኔ ይህን ጥናት በአማርኛ ልሥራ ብል "ና"ንና "ነይ"ን አንድ ብዬ ልቁጠር ወይስ ሁለት?

ፒሊ በኋላ ላይ ቼሰርን ረዘም ያለ ዓረፍተ ነገር አስተምረዋት ነበር፤ አንዱን ዕቃ ወደ ሌላው ውሰጂ የሚል። በእንግሊዝኛ የትኛው እንደሚወሰድና የትኛው ጋ እንደሚደርስ የሚታወቀው በቃላቱ ቅደም ተከተል ነው፤ ቅደም ተከተሉ ሲገለበጥም አስተካክላ ትሠራ እንደነበር እ.ኤ.አ. በ2013 አሳትመዋል። እኛ ዘንድ ግን "ጫማውን ወደ ኳሱ ውሰጂ" ብንል፣ ወይም "ወደ ኳሱ ጫማውን ውሰጂ" ብንል ለውጥ የለውም፤ ሥራውን የሚሠሩት "ወደ" እና ያች ከመጨረሻ የምትንጠለጠል "ን" ናቸው። ግሡ ደግሞ መጨረሻ ላይ ስለሚመጣ፣ ውሻዋ ምን እንድታደርግ እንደተጠየቀች ከማወቋ በፊት ሁለቱንም ዕቃ በሐሳቧ ይዛ መቆየት አለባት። እዚህ ላይ ነው የቡዳፔስት ሌላ ጥናት የሚያሳስበኝ። እነ ሊላ ማጃሪ እ.ኤ.አ. በ2020 የውሾችን የአንጎል ኤሌክትሪክ እንቅስቃሴ ከራስ ቅላቸው ላይ በተለጠፉ ሽቦዎች እየለኩ ሦስት ዓይነት ድምፅ አሰሟቸው፤ የሚያውቁትን ትእዛዝ፣ ከትእዛዙ በአንድ ድምፅ ብቻ የተለየ ትርጉም የለሽ ቃል፣ እና ፈጽሞ የማይመሳሰል ትርጉም የለሽ ቃል። የውሾቹ አንጎል የማይመሳሰለውን ወዲያው ለየ፤ በአንድ ድምፅ የተለየውን ግን ከትክክለኛው ትእዛዝ አልለየም። ተመራማሪዎቹ እንደሚያስቡት ጆሯቸው ደክሞ አይደለም፤ የውሻ ጆሮ ከእኛ ይበልጣል። ለእያንዳንዱ ድምፅ ትኩረት መስጠት እንደሚያስፈልግ ስላላወቁ ሊሆን ይችላል። የአማርኛ ተሳቢ እንግዲህ አንዲት "ን" ናት። በ"ጠላ" እና በ"ተላ" መካከል ያለውን ልዩነት ሕይወቱ የሆነ ቋንቋ ለውሻ ቢሰጥ ምን ይተርፈው ይሆን እያልኩ አመሻለሁ።

ይህን ስል ውሾች ከንግግራችን የሚያገኙት የለም ማለቴ አይደለም። በዚያው ዩኒቨርሲቲ አቲላ አንዲችና ባልደረቦቹ አሥራ ሦስት ውሾችን ኤም.አር.አይ መሣሪያ ውስጥ ሳይንቀሳቀሱ እንዲተኙ አሠልጥነው፣ የማሞገሻ ቃላትንና ተራ ቃላትን በሚያሞግስና በተራ ዜማ አሰምተዋቸዋል። እ.ኤ.አ. በ2016 እንደታተመው፣ የአንጎላቸው የደስታ ክፍል ጎልቶ የተነቃቃው ቃሉም ዜማውም ሲያሞግሱ ብቻ ነበር። ሌላዋ ተመራማሪ ላውራ ኩዋያ ከሜክሲኮ ወደ ሀንጋሪ ውሻዋን ይዛ ስትዛወር፣ ውሻዋ ሰዎች ሌላ ቋንቋ መናገራቸውን አስተውሎ ይሆን ብላ ከባልደረቦቿ ጋር አሥራ ስምንት ውሾችን መረመረች፤ አንጎላቸው የቤታቸውን ቋንቋ ከባዕዱ ይለያል። ደብረ ብርሃን ላይ ቅዳሜ ገበያ ሲወጣ አማርኛውም ኦሮምኛውም በአንድ ደጃፍ ያልፋል፤ ዳማ የምትጮኸው በየትኛው ላይ እንደሆነ ግን ጎረቤት እንዳላስቀይም እዚህ አልጽፍም።

የአንዲችን ጥናት ሳነብ ስለ ታዘበው አንድ የረሳሁት ነገር ተመለሰልኝ። አያቴ ማታ ሲጠሩት ድምፃቸው የንዴት ድምፅ ነበር፤ ንዴቱ የተላከው ወደ ጎረቤት ነው፣ ስሙ ግን የውሻው ነው። ታዘበው ሲመጣ ሮጦ አይመጣም ነበር። ጭራውን በእግሮቹ መካከል ቀብሮ፣ ጎኑን አዙሮ፣ ጥፋቱን እንዳላወቀ ልጅ እየተለማመጠ ነበር ወደ ቂጣው የሚጠጋው። ያን ጊዜ የውሻ ጠባይ ነው ብለን አልፈነዋል። አሁን ሳስበው ቃሉ ና ይለዋል፣ ዜማው ሂድ ይለዋል፤ ሁለቱንም ሰምቶ በመሃል በመሃል ይመጣ ነበር። ከዚያ ሁሉ የድንበር ነገር ለእሱ የደረሰው ይኸው ነው። አያቴና ጎረቤታችን ኋላ በአንድ ልቅሶ ቤት ታርቀው አብረው ጠላ መጠጣት ሲጀምሩ፣ የማታው ጥሪም ለሰለሰ፤ ውሻው ጭራውን ቀና አድርጎ ይመጣ እንደጀመረ ብናገር ታሪኩ ያምር ነበር፣ ግን አላስተዋልኩም። ልጅ ነበርኩ፤ አይኔ ያለው ጠላው ላይ ነበር።

በቅርቡ ደግሞ ከዚያው ከቡዳፔስት ቡድን፣ ተሰጥኦ ያላቸው ውሾች ማንም ሳያስተምራቸው፣ ሰዎች እርስ በርሳቸው ስለ አንድ መጫወቻ ሲያወሩ በመስማት ብቻ ስሙን መማር እንደሚችሉ የሚያሳይ ሥራ ወጣ። ይህን ካነበብኩ በኋላ ሳላስተምራት ዳማ የምታውቀው ቃል ይኖር ይሆን ብዬ መከታተል ጀመርኩ። አንድም አገኘሁ፤ "ቁልፍ"። ጠዋት ከቤት ስንወጣ "ቁልፍ ይዘሻል?"፣ "ቁልፉስ የት አለ?" መባባል ልማዳችን ነው፤ ዳማ ይህን ሰምታ ከመንቀሳቀሳችን በፊት ወደ ግቢው በር ትሄዳለች።

መጋረጃውን እንደገና ሰቀልኩ። እሁድ ከሰዓት በኋላ፣ ማንም በማይወጣበት ሰዓት፣ ከኋላው ተቀምጬ፣ ድምፄን እንደ ዜና አንባቢ አደርቄ፣ ልጄ በቀዳዳ እያየች፣ "ድስት" አልኩ። ዳማ ፀሐይ ላይ እንደተኛች ቀረች። "ዘይት" አልኩ፤ ጆሮዋን እንኳ አላነሣችም። ጥቂት ቆይቼ "ቁልፍ" አልኩ፤ ተነሣች፣ ተንጠራራች፣ ወደ በሩ ሄዳ ቆመች። ልጄ በጭብጨባ ልታቀልጠው ስትል በእጄ ከለከልኳት። ዳማ ተስፋ ቆርጣ ተመልሳ እስክትተኛ ሩብ ሰዓት ጠበቅን። ከዚያ በዚያው ደረቅ ድምፅ "ቁልል" አልኩ።

ተነሥታ፣ ተንጠራርታ፣ ወደ በሩ ሄዳ ቆመች። ልጄ ደብተሩ ላይ የቱን ምልክት እንደምታደርግ ግራ ገብቷት አየችኝ፤ እኔም አላወቅሁም። ዳማ በበኩሏ በዚህኛው ተራ ተመልሳ ልትተኛ አልፈለገችም፤ አንዴ በሩን አንዴ መጋረጃውን እያየች ማልቀስ ስትጀምር፣ ቁልፉን ከምስማሩ አውርጄ ከፈትኩላት።